በሌላችሁበት የተፈረደ ፍርድ ሲነሳ ኪሳራውን ማን ይከፍላል? ደረጃ በደረጃ

«በሌለሁበት ተፈርዶብኛል። አሁን ፍርዱ ይነሳልህ ተባልኩ፤ ግን ለከሳሹ ኪሳራ ክፈል አሉኝ። ፍርዱ ከተነሳ ለምን እከፍላለሁ?»

ይህቺ ጥያቄ አትለቀኝም። ከባሕር ዳር ትመጣለች፣ ከዘጌ ትመጣለች፣ ከሐሙሲትና ከመራዊም ትመጣለች። የገንዘቡ መጠን ይለያያል እንጂ ነገሩ ያው ነው። ስለዚህ አንዴ በሥርዓት ጽፌ ልገላገል። ኪሳራ የምለው ሌላው ወገን ለክርክሩ ያወጣውን ወጪ መተካትን ነው።

የማወራው ስለ ፍትሐ ብሔር ክስ ብቻ ነው። ብድር፣ ኪራይ፣ የሽያጭ ገንዘብ፣ የመኪና ጉዳት፣ ይህን የመሰለ ሁሉ። ወንጀል የራሱ መንገድ አለው፤ እዚህ አትፈልጉት። ወረዳ ፍርድ ቤትም ሁኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት፣ የምትጠቅሱት የ1958ቱን የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። ለዛሬ የምንፈልጋቸው ቁጥሮች 70፣ 72፣ 74፣ 78፣ 462 እና 463 ናቸው። ሌላውን ለጠበቆች እንተወው።

ከመጀመራችን በፊት

በሌላችሁበት የተሰጠ ፍርድ የሚነሳው በቁጥር 78 ነው፤ እሱ ውስጥ ሁለት ጥያቄዎች አሉ። ሰው ሁሉ የሚያደባልቃቸው እነሱን ነው።

የመጀመሪያው፦ ፍርዱ ይነሳ ወይስ አይነሳ? መጥሪያው በአግባቡ እንዳልደረሳችሁ ወይም እንዳትቀርቡ ያደረጋችሁ በቂ ምክንያት እንደነበረ ካስረዳችሁ ፍርድ ቤቱ ያነሳዋል። ምክንያቱ ከተረጋገጠ በኋላ «አላነሳም» የሚልበት ቀዳዳ የለም።

ሁለተኛው፦ በምን ሁኔታ ይነሳ? እዚህ ላይ ሕጉ ለዳኛው ሰፊ ሥልጣን ይሰጠዋል። ኪሳራ እንድትከፍሉ ሊያዝ ይችላል፣ ገንዘብ በፍርድ ቤት እንድታስይዙ ሊያዝ ይችላል፣ ሌላ ተገቢ የመሰለውን ሁኔታም ሊጨምር ይችላል። ቁጥር 462 ደግሞ በጠቅላላው ስለ ክርክር ወጪ ሲናገር፣ ሌላ ድንጋጌ ከሌለ በቀር ማን ይክፈል፣ ስንት ይክፈል፣ ከየትኛው ንብረት ይከፈል የሚለውን ሁሉ ለፍርድ ቤቱ ውሳኔ ይተወዋል።

ስለዚህ «ፍርዱ ከተነሳልኝ ኪሳራ የለብኝም» የሚባል ነገር የለም። «ፍርዱ ከተነሳ የግድ ኪሳራ እከፍላለሁ» የሚባልም የለም። ሁለተኛው ጥያቄ ላይ የምትናገሩት ነገር ካላችሁ ዳኛው ይሰማችኋል። ዝም ካላችሁ ግን የሚሰማው የከሳሹን ጠበቃ ብቻ ነው። ይህን ሁሉ የምጽፈውም ለዚህች ነጥብ ነው፤ ስለ ኪሳራው በአቤቱታችሁ ላይ ጻፉ፣ በችሎትም ተናገሩ።

የሚያስፈልጓችሁ ነገሮች

- ማኅተም ያረፈበት የፍርዱ ግልባጭ፣ የመዝገቡ ቁጥርና የችሎቱ ስም።
- የመጥሪያው ማድረሻ ማስረጃ ኮፒ። መጥሪያ አድራሹ «አደረስኩ» ብሎ የፈረመበት ወይም ያስፈረመበት ወረቀት ማለት ነው። መዝገቡ ውስጥ አለ።
- ፍርዱን መቼ እንዳወቃችሁ የሚያሳይ ነገር። የአፈጻጸም መጥሪያ (ፍርዱን ለማስፈጸም የሚወጣው)፣ ሒሳባችሁ እንደታገደ የሚገልጽ የባንክ ደብዳቤ፣ ግልባጭ ያወጣችሁበት ቀን፣ ከእነዚህ አንዱ።
- ያልቀረባችሁበትን ምክንያት የሚያስረዳ ሰነድ። የሐኪም ወረቀት፣ የኪራይ ውል፣ የቀበሌ ደብዳቤ፣ የጉዞ ትኬት።
- ቃለ መሐላ።
- ለክሱ የምትሰጡት የመከላከያ መልስ ረቂቅ።
- ትንሽ ገንዘብ። ለግልባጭ፣ ለጽሕፈት፣ ምናልባትም ዳኛው ለሚቆርጠው ኪሳራ።
- ራሳችሁ መቅረብ ካልቻላችሁ ውክልና።

አሁን ወደ ሥራው።

1. ቀኑን ጻፉ

ፍርዱን ያወቃችሁበትን ቀን ዛሬውኑ ወረቀት ላይ አስፍሩ። አቤቱታ የሚቀርበው ፍርዱን ካወቃችሁበት ቀን ጀምሮ በአንድ ወር ውስጥ ነው። ልብ በሉ፤ ወሩ የሚቆጠረው ከተፈረደበት ቀን ሳይሆን እናንተ ካወቃችሁበት ቀን ነው። ብዙ ሰው «ፍርዱ ከተሰጠ ዓመት አልፎታል፣ አበቃልኝ» ብሎ ይቀመጣል። ካወቀ ገና ሳምንቱ ከሆነ አላበቃለትም።

ቀኑ ለኪሳራውም ይጠቅማል። ባወቃችሁ በማግሥቱ መዝገብ ቤት የሄዳችሁ ሰዎች ከሆናችሁና ወሩ ሊያልቅ ሲል ብቅ ያላችሁ ከሆናችሁ፣ ዳኛው እኩል አያያችሁም። በመሐል ከሳሹ የአፈጻጸም መዝገብ ከፍቶ፣ ንብረት አስገምቶ፣ ሐራጅ አስለጥፎ ሊሆን ይችላል። ያ ሁሉ ወጪ ነው። የቆያችሁት እያወቃችሁ ከሆነ ሒሳቡ ወደ እናንተ ይዞራል።

ማስጠንቀቂያ፦ የአፈጻጸም መጥሪያ ተቀብላችሁ ፈርማችሁ ሳለ «ዛሬ ነው የሰማሁት» ብላችሁ አትጻፉ። ፊርማችሁ መዝገቡ ላይ አለ።

2. መዝገቡን አስወጥታችሁ አንብቡ

ሬጅስትራር (የመዝገብ ቤቱ ኃላፊ) ዘንድ ሂዱና መዝገቡን ለማየት ጠይቁ። የተከራካሪ ወገን መብታችሁ ነው። ግልባጭ ስትወስዱ ፍርዱን ብቻ ወስዳችሁ አትውጡ። የመጥሪያውን ማድረሻ፣ ክሱ በሌላችሁበት እንዲታይ የታዘዘበትን ቀንና ከሳሹ ያስያዘውን ወጪ የሚያሳየውን ገጽ ጭምር አስገልብጡ።

የማድረሻውን ወረቀት ስታነቡ እነዚህን ፈልጉ፦ ለማን ነው የተሰጠው? የፈረመው ማነው? በየት አድራሻ? ስንት ቀን ሲቀረው? ቁጥር 70 ተከሳሹ ሳይቀርብ ሲቀር ምን እንደሚደረግ ይዘረዝራል። መጥሪያው በአግባቡ መድረሱ ሲረጋገጥ ብቻ ነው ክሱ በሌላችሁበት የሚሰማው። ካልደረሰ ሌላ መጥሪያ ይወጣል። ደርሶ ግን ለመዘጋጀት ጊዜ የማይበቃ ከሆነ ቀጠሮው ይዛወራል። ይህ የሆነው በከሳሹ ጥፋት ከሆነ ደግሞ ቀጠሮው በመዛወሩ የመጣውን ወጪ ራሱ ከሳሹ ይሸፍናል።

ይህችን የመጨረሻዋን ነጥብ አስምሩባት። ሕጉ በቀጠሮ መዛወር ላይ እንኳ ጥፋተኛው ከሳሽ ከሆነ ክፍያውን ከእሱ ላይ ያሳርፋል። ፍርድ እስከ መሰጠት ለደረሰ ስሕተትም ያንኑ አስተሳሰብ ይዛችሁ መከራከር ትችላላችሁ።

3. የትኛው መንገድ ላይ እንዳላችሁ ለዩ

ፍርድ ገና ካልተሰጠ፣ ማለትም «ተከሳሽ በሌለበት ይታይ» ተብሎ ለሌላ ቀን ተቀጥሮ ከሆነ፣ የእናንተ ቁጥር 72 ነው። በቀጠሮው ዕለት ወይም ከዚያ በፊት ቀርባችሁ ላለመቅረባችሁ በቂ ምክንያት ካስረዳችሁ፣ ፍርድ ቤቱ ስለ ኪሳራም ሆነ ስለ ሌላው በሚያዘው መሠረት መጀመሪያውኑ እንደቀረባችሁ ተቆጥሮ ትከራከራላችሁ። ርካሹ መንገድ ይህ ነው። ገና ብዙ ወጪ አልወጣም። ስለዚህ ወሬውን እንደሰማችሁ ሂዱ።

ፍርድ ከተሰጠ ቁጥር 78 ነው። መልስ በወቅቱ ባለማቅረባችሁ የተፈረደባችሁም እዚሁ ትገባላችሁ።

ከሳሹ እናንተ ሆናችሁ ሳትቀርቡ መዝገቡ ከተዘጋባችሁ ደግሞ ቁጥር 74ን እዩ። እዚያም በቂ ምክንያት ይጠየቃል፤ እዚያም ኪሳራው በፍርድ ቤቱ ሥልጣን ነው።

ይግባኝስ? ይግባኝ በ60 ቀን ውስጥ የሚቀርብ ሌላ መንገድ ነው። ነገር ግን የይግባኝ ችሎት የሚያየው መዝገቡን ነው፤ መዝገቡ ላይ ደግሞ የእናንተ ቃል የለም። ስለዚህ መጥሪያ ያልደረሰው ሰው መጀመሪያ የፈረደበትን ፍርድ ቤት ነው ማንኳኳት ያለበት።

4. ምክንያታችሁን ከሁለቱ በአንዱ አስቀምጡ

አቤቱታው የሚወድቀውም የሚነሳውም እዚህ ላይ ነው፤ የኪሳራው ዕጣም ቢሆን።

ሀ. መጥሪያው በአግባቡ አልደረሰኝም። ለምሳሌ ከተማ ውስጥ ተከራይቶ የሚኖር የባጃጅ ሾፌር እንውሰድ። ቤት ቀይሯል። መጥሪያው ለድሮ አከራዩ ተሰጥቷል፤ አከራይቱ ፈርመው ወረቀቱን መሶብ ሥር አስቀምጠውታል። ይህ ሰው የአዲሱን ቤት የኪራይ ውልና የቀበሌ ደብዳቤ ይዞ ይቀርባል። ከሳሹ አዲሱን አድራሻ ያውቅ ከነበረ ደግሞ ያንን ያሳያል። ስልክ ይደዋወሉ ነበር? በቴሌብር ገንዘብ ይላላኩ ነበር? የዚያን ዝርዝር ያውጣ። «አድራሻው አይታወቅም» ተብሎ በማስታወቂያ ወይም በጋዜጣ የተጠራ ሰው በተለይ ይህን መረጃ አጥብቆ ይያዝ፤ ምክንያቱም ምትክ መጥሪያ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ስለሚወጣ «አላየሁትም» ማለት ብቻውን አይበቃም። ከሳሹ እያወቀ አላውቅም ማለቱን ማሳየት ነው ያለበት።

በዚህ ጊዜ ስለ ኪሳራ የምትሉት ግልጽ ነው፦ ጥፋቱ የእኔ አይደለም፤ ለባከነው ጊዜ እኔ ልከፍል አይገባም፤ እንዲያውም ለዚህ አቤቱታ ያወጣሁትን ይተካልኝ።

ለ. መጥሪያው ደርሶኛል፤ ነገር ግን በቂ ምክንያት አጋጥሞኛል። ሕመም፣ ሐዘን፣ የመንገድ መዘጋት፣ እንዲህ ያለ ነገር። ደቅ ደሴት የሚኖር ሰው ጣና ተናውጦ ጀልባ ባይነሳ ምክንያቱ እውነተኛ ነው። ግን ማስረጃ ይፈልጋል። ከጀልባ ማኅበሩ ወይም ከቀበሌው ደብዳቤ ያምጣ። ፈለገ ሕይወት ሆስፒታል ተኝቶ የነበረ ሰው የገባበትንና የወጣበትን ቀን የሚገልጽ ወረቀት ያምጣ። «አሞኝ ነበር» የሚል የአንድ መስመር ወረቀት ዳኛውን አያሳምንም። ቀኑ ከቀጠሮው ቀን ጋር መግጠም አለበት።

ዳኛው የሚጠይቀውን ጥያቄ ከወዲሁ ልንገራችሁ፦ «ለምን ሰው አልላክህም? ለምን አልደወልክም?» ኔትወርክ ጠፍቶ ከነበረ እሱንም ጻፉ። ወንድማችሁን ልካችሁ ከነበረ ወንድማችሁ በቃለ መሐላ ያረጋግጥ።

በዚህኛው መንገድ ፍርዱ ቢነሳም አንዳንድ ኪሳራ ቢቆረጥባችሁ አትደነቁ። ጥፋት ባይኖርባችሁም ከሳሹ ምስክር ይዞ መጥቶ ተመልሷል። የእሱም ጥፋት አይደለም። ዳኛው የሚያመዛዝነው ያንን ነው። የእናንተ ሥራ መጠኑ በትክክል በከንቱ ከወጣው እንዳያልፍ መጠበቅ ነው።

ሁለቱንም ምክንያት አንድ ላይ አትደርድሩ። «መጥሪያ አልደረሰኝም፤ ደግሞም በዚያ ቀን አሞኝ ነበር» የሚል አቤቱታ ራሱን ያፈርሳል። ካልደረሳችሁ የቀጠሮውን ቀን በምን አወቃችሁት?

5. አቤቱታውን ጻፉ፣ የኪሳራ አንቀጽ ጨምሩበት

አቤቱታው አጭር ይሁን። መዝገብ ቁጥር፣ የተከራካሪዎች ስም፣ ፍርዱ መቼ እንደተሰጠ፣ መቼ እንዳወቃችሁ፣ ለምን እንዳልቀረባችሁ፣ ምን እንደምትጠይቁ። ቃለ መሐላና ሰነዶቹ ይያያዙ። ፍርድ ቤት በር ላይ ያሉ ጸሐፊዎች የተለመደውን ቅጽ በደንብ ያውቁታል፤ የኪሳራዋ አንቀጽ ግን ብዙ ጊዜ ትቀራለች። ይህን አስይዟቸው፦

«የተከበረው ፍርድ ቤት ፍርዱን ሲያነሳ ስለ ወጪና ኪሳራ የሚከተለውን እንዲመለከትልኝ በአክብሮት አመለክታለሁ። አንደኛ፣ መጥሪያው ለእኔ ያልደረሰው ከሳሽ ትክክለኛውን አድራሻዬን እያወቀ የቀድሞ አድራሻዬን በመስጠቱ ስለሆነ ኪሳራ ልከፍል አይገባም። ሁለተኛ፣ ኪሳራ ይከፈል የሚባል ከሆነ፣ በእኔ አለመቅረብ ምክንያት በከንቱ በወጣው ወጪ ብቻ እንዲወሰንልኝና ከሳሽ ዝርዝሩን ከነደረሰኙ እንዲያቀርብ ይታዘዝልኝ። ሦስተኛ፣ የሚወሰነውን ለመክፈል በቂ ጊዜ ይሰጠኝ።»

«ለ» ላይ ያላችሁ፣ ማለትም መጥሪያው ደርሷችሁ በበቂ ምክንያት የቀራችሁ፣ «አንደኛ» የሚለውን ቀይሩት፦ «ያልቀረብኩት ከአቅሜ በላይ በሆነ ምክንያት ስለሆነና ፍርዱን ባወቅሁ በጥቂት ቀናት ውስጥ ስላመለከትኩ ኪሳራው በመጠኑ እንዲታይልኝ።»

ለምን «ኪሳራ ይከፈል የሚባል ከሆነ» እያልን እንጽፋለን? ዳኛው ኪሳራ ለመቁረጥ ከወሰነ በኋላ ስንት የሚለው ላይ የእናንተን ሐሳብ ካላገኘ በቁርጥ አንድ ቁጥር ይጽፋል። ያ ቁጥር ደግሞ በኋላ በይግባኝ በቀላሉ አይነቀነቅም። የላይኛው ፍርድ ቤት የኪሳራ ሥልጣን አላግባብ ካልተሠራበት በቀር እጁን ማስገባት አይወድም።

የመከላከያ መልሱን ረቂቅ ማያያዝም ይረዳል። ቁጥር 78 ስለ ጥሩ መከላከያ አይጠይቅም፤ ምክንያታችሁን ብቻ ነው የሚጠይቀው። ግን ረቂቁ ጉዳዩን ለማጓተት እንዳልመጣችሁ ያሳያል፤ ይህ ደግሞ ዳኛው ሁኔታዎቹን ሲያስቀምጥ ይታያል።

ማስጠንቀቂያ፦ ቃለ መሐላ ቀልድ አይደለም። በሐሰት መማል በወንጀል ያስጠይቃል። ጸሐፊው «እንዲህ ብንለው ይሻላል» ቢላችሁ እሺ አትበሉ፤ የምትምሉት እናንተ ናችሁ።

6. አፈጻጸሙ እንዲቆም ጠይቁ

አቤቱታ ማስገባት ብቻውን አፈጻጸምን አያቆምም። ሐራጅ የተለጠፈ ከሆነ ወይም ደመወዛችሁ እየተቆረጠ ከሆነ፣ አቤቱታው እስኪወሰን አፈጻጸሙ እንዲታገድ በዚያው ወረቀት ላይ ለይታችሁ ጠይቁ። ትእዛዙን ካገኛችሁ ግልባጩን ራሳችሁ ወደ አፈጻጸም ችሎት ውሰዱ። ይደርሳል ብላችሁ አትጠብቁ።

እዚህ ላይ «ገንዘብ አስይዝ» ልትባሉ ትችላላችሁ። ከተከሰሳችሁበት ውስጥ የምታምኑት ክፍል ካለ ያንን ለማስያዝ ራሳችሁ ሐሳብ ብታቀርቡ ጥሩ ነው። 180,000 ብር ተፈርዶባችሁ 40,000ው እውነት ከሆነ፣ «40,000 አስይዛለሁ፤ በቀሪው ልከራከር» ማለት ሙሉውን ከመጠየቅ ያድናል። ነገር ግን አንዴ ያመናችሁትን መልሳችሁ መካድ አትችሉምና ቁጥሩን አስባችሁ ጥሩ።

7. ለሌላው ወገን ይድረስ

ከሳሹ ሳይሰማ ፍርዱ አይነሳም። አቤቱታው ከነአባሪው ለእሱ እንዲደርስ መጥሪያ ይወጣል። መጥሪያውን ፈጥናችሁ አድርሱ፣ አስፈርሙ፣ ማድረሻውን ለመዝገብ ቤት መልሱ። መጥሪያ አልደረሰኝም ብሎ የመጣ ሰው የራሱን መጥሪያ ሳያደርስ ሲቀር ዳኛ ፊት እንዴት እንደሚታይ አስቡት። ቀጠሮው በዚህ ምክንያት ከተዛወረ ለዚያ ቀን የሚቆረጠው ኪሳራ ያለ ጥርጥር የእናንተ ነው።

8. በቀጠሮው ቀን የኪሳራውን ዝርዝር እየነጠላችሁ ተከራከሩ

ረጅሙ ክፍል ይህ ነው። ታገሡኝ።

ከሳሹ «ብዙ አውጥቻለሁ» ብሎ ዝርዝር ያቀርባል። ኪሳራ የተወሰነለት ወገን የወጪውን ዝርዝር ማቅረብ እንዳለበት ቁጥር 463 ይናገራል። ዝርዝር ካላቀረበ «ዝርዝር ይቅረብልኝ» በሉ። ካቀረበ ደግሞ ለእያንዳንዱ መስመር አንድ ጥያቄ ብቻ ጠይቁ፦ ይህ ወጪ እኔ ባለመቅረቤ በከንቱ ቀርቷል ወይስ ክርክሩ ሲቀጥልም ያገለግላል?

ለምሳሌ ያህል አንድ የፈጠርኩትን ዝርዝር እንይ።

የዳኝነት ክፍያ 4,000 ብር። ይህ አልባከነም። ክሱ ይቀጥላል፣ የከፈለውም ለዚሁ ክስ ነው። በመጨረሻ ካሸነፈ ያኔ ይጠይቀው። ተቃወሙ።

የጠበቃ ክፍያ 15,000 ብር። ለጠቅላላው ጉዳይ የተከፈለ ከሆነ ሙሉው አልባከነም። ክሱን መጻፉ፣ ማስረጃ ማደራጀቱ ያገለግላል። የባከነው ጠበቃው በሌላችሁበት በተሰማበት ቀን የቆመበትና ዛሬ አቤቱታችሁን ለመመለስ የመጣበት ነው። «ከዚህ ውስጥ የሁለቱ ቀን ብቻ ይታይ» በሉ።

የምስክሮች ትራንስፖርትና ውሎ አበል 1,200 ብር። ምስክሮቹ እንደገና የሚሰሙ ከሆነ ይህ በእርግጥ ባክኗል። ከጎርጎራ ድረስ የመጣ ምስክር ከሆነማ ክርክር አትግጠሙ። እሺ በሉ። እሺ የሚባለውን እሺ ማለት በሌላው ላይ የምትናገሩት እንዲታመን ያደርጋል።

መጥሪያ ማድረሻ 500 ብር። መጥሪያው በአግባቡ አልደረሰም ከተባለ፣ ላልተሠራ ሥራ ለምን እናንተ ትከፍላላችሁ? ተቃወሙ። በሕመም የቀራችሁ ከሆናችሁ ግን መጥሪያው ሥራውን ሠርቷል፤ ከቀጠሮ ያስቀራችሁ ሌላ ነገር ነው። አልባከነም ማለት ነው።

የሐራጅ ማስታወቂያና ግምት 2,500 ብር። እዚህ ላይ ወሳኙ ቀን ነው። ፍርዱን ከማወቃችሁ በፊት የወጣ ከሆነ እንደ ምክንያታችሁ ይታያል። ካወቃችሁ በኋላ የወጣ ከሆነ የቆያችሁት እናንተ ናችሁ።

ኮፒና ጽሕፈት 300 ብር። ለ300 ብር ችሎት አታሰልቹ።

ይህን ዝርዝር ከተጣራ ደረሰኝ ጋር ዳኛው ፊት አንድ በአንድ ስታነሱ 23,500 ብር የነበረው ጥያቄ በጣም ሊያንስ ይችላል። «በዝቷል» ብቻ ብትሉ ግን ዳኛው ምኑን ይቀንሰው?

መክፈል የማትችሉ ከሆነም ተናገሩ። በድሃ ደንብ መከራከር የተፈቀደለት ሰው የዳኝነት ክፍያ ይቀርለታል፤ የተቃራኒ ወገን ኪሳራ ግን በዚያ አይሸፈንም። ስለዚህ በየወሩ ለመክፈል ወይም እስከ ዋናው ፍርድ እንዲቆይላችሁ ለይታችሁ ጠይቁ። የገቢያችሁን ማስረጃ ያዙ።

9. ትእዛዙን ቃል በቃል አንብቡ

ትእዛዙ እንደተነበበ ደስ ብሏችሁ አትውጡ። ግልባጩን ወስዳችሁ የኪሳራዋን ዓረፍተ ነገር ፈልጉ። «ፍርዱ ተነስቷል፤ ተከሳሽ ለከሳሽ 3,000 ብር ይክፈል» የሚለውና «ተከሳሽ እስከ ኅዳር 20 ቀን 3,000 ብር ሲከፍል ፍርዱ ይነሳል» የሚለው እንደ ሰማይና ምድር ይለያያሉ። በመጀመሪያው ፍርዱ ተነስቷል፤ ኪሳራው ዕዳ ነው። በሁለተኛው ካልከፈላችሁ ፍርዱ ባለበት ይቆያል፤ አፈጻጸሙም ይቀጥላል። ግልጽ ካልሆነ እዚያው ዳኛውን ጠይቁ፣ ማብራሪያው መዝገቡ ላይ ይጻፍላችሁ።

አቤቱታው ውድቅ ከተደረገ ደግሞ ትእዛዙን በዚያው ቀን አስገልብጡና ስለ ይግባኝ የሕግ ባለሙያ አማክሩ። የይግባኙ ቀን መቁጠር ይጀምራል።

10. ክፈሉ፣ ደረሰኙን መዝገቡ ላይ አስይዙ

ለከሳሹ በእጅ ሰጥታችሁ «ተቀብያለሁ» ማስባል አደጋ አለው። በፍርድ ቤቱ በኩል ወይም በባንክ ክፈሉ። ደረሰኙን በማመልከቻ አያይዛችሁ ለመዝገብ ቤት አስገቡ፤ ቅጂውን ቤታችሁ አስቀምጡ። ከዚያ የመከላከያ መልሱን በተባለው ቀን አቅርቡ። ሁለተኛ ጊዜ ከቀራችሁ ያሁኑን ዓይነት ርኅራኄ አትጠብቁ።

ሰው የሚሳሳትባቸው

«ኪሳራ ከከፈልኩ ጥፋተኛ ነኝ ማለቴ ነው» ብሎ አልከፍልም ማለት። አይደለም፤ ክፍያው ስለ ዋናው ክርክር ምንም አይናገርም። ዋናውን ልታሸንፉ ትችላላችሁ።

አቤቱታው ውስጥ የዋናውን ክርክር ሙሉ ታሪክ መተረክ። አምስት ገጽ ስለ ብድሩ፣ ሁለት መስመር ስለ መጥሪያው። መገልበጥ ነው ያለበት።

ሽማግሌ ይዞ መደራደርና ወሩን ማሳለፍ። ሽምግልናው ይቀጥል፤ አቤቱታው ግን ይግባ። ከታረቃችሁ በኋላ ማንሳት ይቻላል።

ከሌሎች ተከሳሾች ጋር አብራችሁ ተፈርዶባችሁ ሳለ «እሱ ያመለክታል» ብሎ መቀመጥ። ፍርዱ በጠየቀው ሰው በኩል ብቻ ሊነሳ ይችላል። ተነጣጥሎ ሊነሳ የማይችል ዓይነት ፍርድ ከሆነ ነው ለሌሎቹም የሚተርፈው።

ፍርዱ በእጃችሁ ያለ ከሳሾች ከሆናችሁ

ለእናንተም አጭር ቃል አለኝ። የተከሳሹ ምክንያት እውነት መሆኑን ካወቃችሁ «አይነሳም» ብላችሁ ስትሟገቱ ተጨማሪ ቀጠሮ ታባክናላችሁ፤ ለዚያ የወጣውን ኪሳራ ዳኛው ላይቀበላችሁ ይችላል። ይልቅ «ይነሳ፤ ነገር ግን በዚህ ዝርዝር መሠረት ኪሳራዬን ይክፈለኝ፣ ገንዘቡንም ያስይዝ» በሉ። ዝርዝሩን ከነደረሰኙ ይዛችሁ ቅረቡ። የምስክሮችን ትኬት፣ የጠበቃውን ውል፣ የመጥሪያ አድራሹን ደረሰኝ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ በአንድ ፖስታ አስቀምጡ። ደረሰኝ የሌለው ወጪ ላይ ተከሳሹ የሚናገረው ብዙ ነው።